ድምፅ ሲመጣ እግር ታሰረ

ማሪሊን ሞንሮን የማያውቅ የለም። ማሪሊን ሚለርን ግን ስንቱ ያውቃል? ሁለቱ ስሞች የተመሳሰሉት በአጋጣሚ አይደለም። እሱን ወደ መጨረሻው አመጣዋለሁ። አሁን ስለ መጀመሪያዋ ማሪሊን ላጫውታችሁ።

በ1920ዎቹ ኒውዮርክ ውስጥ ከእሷ በላይ የሚወደድ የሙዚቃዊ ቴአትር ኮከብ ማግኘት ይከብድ ነበር። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ሆሊውድ በብዙ ገንዘብ ወሰዳት። ሦስት ፊልም ሠራች፤ አንዱ በ1929፣ አንዱ በ1930፣ አንዱ በ1931 ወጣ። ከዚያ አበቃ። አራተኛ ፊልም የላትም።

ስለዚያ ዘመን ሲወራ ብዙ ጊዜ የምንሰማው አንድ ማብራሪያ አለ። «ፊልም መናገር ሲጀምር ድምፃቸው የማያምር ተዋናዮች ከገበያ ወጡ» የሚል። ይህ ስለ ድምፅ አልባ ፊልም ተዋናዮች የሚነገር ነው። ለማሪሊን ሚለር ግን አይሠራም። እሷ ከድምፅ አልባ ፊልም አልመጣችም። ከሕፃንነቷ ጀምሮ ሕዝብ ፊት ስትዘፍንና ስትደንስ ያደገች ናት። ሆሊውድም የጠራት ለዚሁ ነው። ታዲያ መዝፈን የምትችል ሰው፣ ልክ ፊልም መዝፈን በጀመረበት ሰዓት ገብታ፣ እንዴት በሁለት ዓመት ተኩል ውስጥ ትወጣለች?

ጥያቄው ብዙ ጊዜ ሲያብሰለስለኝ ኖሯል። የደረስኩበት መልስ ይኸው ነው። ድምፁን ያመጣው ማሽን እግሯን አሰረባት። ማሽኑ ተሻሽሎ እግር ሲፈታ ደግሞ እሷ ቦታው ላይ አልነበረችም።

ከመድረኩ ልጀምር።

ማሪሊን በ1898 ኢንዲያና ውስጥ ኢቫንስቪል በምትባል ከተማ ተወለደች። ቤተሰቡ እየዞረ ትርኢት የሚያሳይ ቤተሰብ ነበር። እናቷ፣ እንጀራ አባቷና እህቶቿ አብረው ይሠሩ ነበር። እሷም ገና በ4 ዓመቷ መድረክ ላይ ወጣች። ለዓመታት ከከተማ ከተማ፣ ከአገር አገር ተንከራተቱ። በ1914 ለንደን ውስጥ አንድ ክለብ ስትሠራ ሊ ሹበርት የተባለ የኒውዮርክ ቴአትር ባለሀብት አያት። ወደ ብሮድዌይ፣ ማለትም የኒውዮርክ ትልልቅ ቴአትር ቤቶች ወዳሉበት ሰፈር፣ ያመጣት እሱ ነው። በ1918 ደግሞ የዘመኑ ትልቁ የትርኢት አዘጋጅ ፍሎሬንስ ዚግፌልድ ወሰዳት።

በዲሴምበር 1920 ዚግፌልድ «ሳሊ» የሚባል ሙዚቃዊ ቴአትር ኒው አምስተርዳም ቴአትር ውስጥ ከፈተላት። ሙዚቃው የጄሮም ከርን ነው። ታሪኩ ቀላል ነው። ሰሃን የምታጥብ ወላጅ አልባ ልጅ በመጨረሻ ታላቅ ዳንሰኛ ትሆናለች። ትርኢቱ 570 ጊዜ ታየ። ለዚያ ዘመን ይህ ግዙፍ ቁጥር ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልፈልግም። «ሳሊ» ከመከፈቱ ሰባት ወር ገደማ ቀደም ብሎ፣ በ1920 ሜይ ወር፣ የመጀመሪያ ባሏ ፍራንክ ካርተር በመኪና አደጋ ሞቶባታል። ከተጋቡ ዓመት ቢሞላቸው ነው። ያን ሁሉ ሕዝብ በየምሽቱ ያስደሰተችው ልጅ ገና ሐዘኗ ያልወጣላት መበለት ነበረች። በዚያ ትርኢት የታወቀችበት ዘፈን ደግሞ «ሉክ ፎር ዘ ሲልቨር ላይኒንግ» ነው። ሰማዩ ቢጠቁርም የደመናውን ብሩህ ጠርዝ ፈልጉ የሚል ዘፈን። ይህን ካወቅኩ በኋላ ዘፈኑን እንደ በፊቱ መስማት አልቻልኩም።

በ1925 «ሰኒ» መጣ፤ 517 ጊዜ ታየ። በ1928 «ሮዛሊ» ተከተለ፤ 335 ጊዜ። በ1929 ኦክቶበር ላይ ታይምስ ስኩዌር አጠገብ አንድ የታወቀ ጫማ ቤት ሕንፃው ግንባር ላይ የአራት ሴቶች ሐውልት አስቆመ። ለድራማ ኤተል ባሪሞር፣ ለኦፔራ ሮዛ ፖንሴል፣ ለፊልም ሜሪ ፒክፎርድ ተመረጡ። ለሙዚቃዊ ቴአትር የተመረጠችው ማሪሊን ሚለር ናት። ሐውልቱ የሚያሳያት «ሰኒ» ላይ በለበሰችው ልብስ ነው። ጫማ ቤት ላይ ዳንሰኛ ማቆማቸው ደስ ይለኛል።

ሰዎች ምኗን ነበር የወደዱት? ድምፅዋን? በፍጹም እንዲያ ማለት አይቻልም። ድምፅዋ ቀጭንና ትንሽ ነበር። የሚሰማ፣ ደስ የሚል፣ ግን ትንሽ። ድምፃዊት ከማለት ዳንሰኛ ማለት ይቀርባታል። በባሌት ጫማ በጣቷ ጫፍ ትቆማለች። ጫማ እያንኳኳች ታፕ ትመታለች። ከዚያ ዞር ብላ ትስቃለች። ይህ ሁሉ የሚሆነው በሺህ የሚቆጠር ሰው ባለበት አዳራሽ ውስጥ ነው። ተመልካቹ እሷን ሙሉ በሙሉ ያያታል። ከራስ ፀጉሯ እስከ ጫማዋ ጫፍ። ዓይኑን የሚመራለት ካሜራ የለም። እሷ ወደ ግራ ስትሮጥ የሺህ ሰው አንገት አብሮ ወደ ግራ ይዞራል።

ይህን ያዙልኝ። አሁን ወደ ማሽኑ እንሂድ።

በ1927 ኦክቶበር ላይ ዋርነር ብራዘርስ አል ጆልሰን የሚዘፍንበትን «ዘ ጃዝ ሲንገር» የተባለውን ፊልም አወጣ። ፊልሙ በአብዛኛው ድምፅ አልባ ነበር። ዘፈኖቹና ጥቂት ንግግር ግን ይሰማሉ። ሕዝቡ ጎረፈ። ከዚያ በኋላ ሆሊውድ ውስጥ ያለ ስቱዲዮ ሁሉ ወደ ድምፅ ሮጠ።

ነገር ግን ድምፁ የት ነው ያለው? ዛሬ ላይ ሆነን ስናስበው ፊልሙ ውስጥ ነው እንላለን። በዋርነር ዘዴ ግን ድምፁ ፊልሙ ላይ አልነበረም። ሸክላ ላይ ነበር። ዘዴው ቫይታፎን ይባላል። ሸክላው ቤት ውስጥ ከሚጫወተው በጣም ይሰፋል፤ ከዳር እስከ ዳር 16 ኢንች፣ ማለትም ወደ 40 ሳንቲ ሜትር ነው። በደቂቃ 33 ከሲሶ ጊዜ ይዞራል። አንዱ ሸክላ የሚጫወተው አንድ ጥቅል ፊልም የሚፈጀውን ያህል፣ ወደ 11 ደቂቃ ነው። መርፌው የሚነሳው ከመሃል ነው፤ ወደ ዳር ይወጣል።

ሲኒማ ቤቱ ማሽን ክፍል ውስጥ ያለውን ሠራተኛ አስቡት። ፊልሙን መነሻ ምልክቱ ላይ ያቆመዋል። መርፌውን ሸክላው ላይ ቀስት የተሠራበት ቦታ ያሳርፈዋል። አንድ ሞተር ሁለቱን አብሮ ያስነሳቸዋል። መርፌዋ አንድ ጊዜ ብትዘል አለቀ፤ ተዋናዩ አፉን ሳይከፍት ድምፁ ይቀድማል። ፊልሙ ተበጥሶ ሲቀጠል ጥቂት ምስል ከጠፋ፣ በጠፋው ልክ ጥቁር ፊልም መሃል ላይ ይገባል፤ ካልሆነ ሸክላውና ምስሉ አይገናኙም። ሸክላው ላይ በተለጠፈው ወረቀት ትንንሽ ሳጥኖች ታትመዋል። በተጫወተ ቁጥር ሠራተኛው አንዷ ላይ ምልክት ያደርጋል። 20 ጊዜ ገደማ ከተጫወተ ያ ሸክላ አይፈለግም፤ መርፌው በልቶታል።

ይህ የሲኒማ ቤቱ ጣጣ ነው። የቀረጻው ጣጣ ከዚህ ይብሳል። ፊልም በመቀስ ይቆረጣል፣ ይቀጠላል። ሸክላ በመቀስ አይቆረጥም። ስለዚህ አንድ ዘፈን ሲቀረጽ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በአንድ ትንፋሽ መሄድ አለበት። ኦርኬስትራው እዚያው፣ ከካሜራው እይታ ውጪ ተቀምጦ ይጫወታል። ዘፋኟ እዚያው ትዘፍናለች። አንድ ሰው ቢያስል፣ አንድ ዳንሰኛ ቢሳሳት፣ ሁሉም እንደ አዲስ ይጀመራል። ከቅርብም ከሩቅም ምስል ከተፈለገ ሁለት ሦስት ካሜራ በአንድ ላይ ይቆማል፤ ደግሞ መቅረጽ ማለት ሌላ ድምፅ ማለት ነውና።

ካሜራው ደግሞ ይጮሃል። በድምፅ አልባው ዘመን ይህን ማንም ልብ አይለውም ነበር። አሁን ግን ማይኩ ይሰማዋል። መፍትሔው ምን ሆነ? ካሜራውን ከነካሜራማኑ ድምፅ በማያስወጣ ሳጥን ውስጥ መቆለፍ። የስልክ ማነጋገሪያ ክፍል የመሰለ፣ ፊት ለፊት መስታወት ያለው ሳጥን ነው። ውስጡ ያፍናል። ቀረጻው ሲያልቅ ሰውየው በላብ ተነክሮ ይወጣል። ከጥቂት ዓመት በፊት መኪና ላይ ተጭኖ፣ በገመድ ተንጠልጥሎ ይንቀሳቀስ የነበረ ካሜራ በአንድ ጊዜ ባለበት ተተከለ።

ማይኩም እንደዚያው። የያኔው ማይክ ከየአቅጣጫው የሚመጣውን ድምፅ ሁሉ ይሰበስባል፤ የጫማ ኮቴ፣ የቀሚስ መንሿሿት፣ ሁሉንም። ደግሞ ሩቅ አይሰማም። ስለዚህ የአበባ ማስቀመጫ ውስጥ ይደበቃል ወይም ከላይ ይንጠለጠላል። ተዋናዩ ወደ እሱ ሄዶ ይናገራል። ከእሱ ከራቀ ድምፁ ይጠፋል።

አሁን ማሪሊንን እዚህ መሃል አስገቧት። ያቺ አዳራሽ ሙሉ የምትሮጥ ልጅ። ካሜራው አይከተላትም። ማይኩ አይከተላትም። ስትዘፍን አንድ ቦታ ትቁም፤ ስትደንስ ደግሞ ካሜራው ሩቅ ነው፣ ትንሽ ሆና ትታያለች። ቀረብ ያለው ካሜራ ሲመጣ ከወገቧ በላይ ብቻ ይይዛታል። ዳንሰኛን ከወገብ በላይ ማሳየት ማለት ምን ማለት እንደሆነ የጭፈራ ቪዲዮ የቀረጸ ሰው ያውቀዋል።

የመጀመሪያ ፊልሟ ያው «ሳሊ» ሆነ። ፈርስት ናሽናል የሠራው ሲሆን፣ ኩባንያው ያኔ በዋርነር እጅ ገብቶ ነበር። ዳይሬክተሩ ጆን ፍራንሲስ ዲሎን ነው። ተጣማሪዋ አሌክሳንደር ግሬይ የተባለ ባለ ወፍራም ድምፅ ዘፋኝ ሆነ። ኮሜዲያኑ ጆ ኢ. ብራውንም አለበት። ለዚህ አንድ ፊልም 100,000 ዶላር እንደተከፈላት በሰፊው ይነገራል። በ1929 ዲሴምበር መጨረሻ ኒውዮርክ ውስጥ ታየ።

ፊልሙ በቀለም ነበር። የያኔው ቴክኒከለር ሁለት ቀለም ብቻ የሚያውቅ ነው፤ ቀይና አረንጓዴ። ካሜራው የሚገባውን ብርሃን ለሁለት ከፍሎ አንዱን በቀይ፣ ሌላውን በአረንጓዴ ማጣሪያ ያሳልፋል። ሰማያዊ የሚባል የለም። ሰማይም ዓይንም ወደ አረንጓዴ ያዳላል፤ የሰው ፊት ግን ሞቅ ብሎ ያምራል። ብርሃኑ ስለሚከፈልና በማጣሪያ ስለሚያልፍ ከተለመደው እጅግ የበለጠ መብራት ያስፈልጋል። ድሮ ስቱዲዮ ውስጥ የሚበራው መብራት ደግሞ ማይኩን የሚረብሽ እዝዝታ ነበረው። ስለዚህ በሌላ ዓይነት አምፖል ተተካ፤ የሚያቃጥል አምፖል። በዚያ ሙቀት ሥር ነው የደነሰችው።

ያም ሆኖ «ሳሊ» ተወደደ። የኔ አስተያየት ከተጠየቀ፣ ማሪሊን በፊልሙ ውስጥ ትንሽ ግራ የተጋባች ትመስለኛለች። አነጋገሯ ለኋላ ወንበር የሚነገር ነው። ማይኩ ግን አፍንጫዋ ሥር ነው። ስትደንስ ግን ሁሉም ይስተካከላል። ጆ ኢ. ብራውን ጋር ስትቀልድም እንደዚያው።

ለዚህ ሁሉ ችግር መፍትሔው ገና በ1929 መጀመሪያ ተገኝቶ ነበር። ኤምጂኤም የተባለው ስቱዲዮ «ዘ ብሮድዌይ ሜሎዲ» የሚባለውን ፊልም ሲሠራ አንድ ትልቅ የዳንስ ትዕይንት አልጥም አለ። አለቆቹ እንደገና ይቀረጽ አሉ። የድምፅ ክፍሉ ኃላፊ ዳግላስ ሺረር ሐሳብ አመጣ። ድምፁ እኮ ምንም አልሆነም፤ ለምን ኦርኬስትራውን መልሰን እንከፍላለን? የተቀረጸውን ድምፅ በድምፅ ማጉያ እንልቀቀውና ዳንሰኞቹ በእሱ ይደንሱ፣ ካሜራው ምስሉን ብቻ ያንሳ። ሠራ። ገንዘብ ለመቆጠብ የተነሳ ሐሳብ ካሜራውን ከሳጥኑ አወጣው፤ ማይክ ከሌለ መደበቅ ለምን ያስፈልጋል?

ዛሬ አንድ ዘፋኝ ክሊፕ ሲሠራ የሚያደርገው ይህንኑ ነው። ዘፈኑ ስቱዲዮ ተቀርጾ አልቋል። እሱ ተራራ ላይ ቆሞ አፉን ብቻ ያንቀሳቅሳል። የሕንድ ፊልም ወዳጆች ደግሞ ነገሩን የበለጠ ያውቁታል። በሕንድ የመጀመሪያው ባለ ድምፅ ፊልም «አላም አራ» በ1931 ሲወጣ ሰባት ዘፈን ነበረው። ተዋናዮቹ ራሳቸው ይዘፍኑ ነበር። ከ1930ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ ግን ድምፅ ለአንዱ፣ ፊት ለሌላው ሆነ። ከጀርባ የሚዘፍነው ሌላ፣ የሚደንሰው ሌላ። ለማሪሊን ዓይነት ሰው ይህ ምን ያህል ሸክም ባቀለለ!

ሆሊውድ ግን ወዲያው አልገባውም። ዘዴው ሁሉም ስቱዲዮ እስኪደርስ፣ ዋርነርም ሸክላውን ትቶ ድምፁን ፊልሙ ጠርዝ ላይ ወደ መቅረጽ እስኪዞር ጊዜ ወሰደ። በዚያ መሃል ሌላ ነገር ተበላሸ። ገበያው።

በ1929 እና በ1930 ስቱዲዮዎቹ ሙዚቃዊ ፊልም እንደ ዳቦ ጋገሩ። ከብሮድዌይ ዘፋኝ፣ ዳንሰኛ፣ የዜማ ደራሲ በባቡር ተጭኖ ወደ ካሊፎርኒያ ሄደ። ብዙ ጊዜ በሚጠቀሰው ቆጠራ በ1930 ብቻ ከ100 በላይ ሙዚቃዊ ፊልሞች ወጥተዋል። ሁሉም አንድ ዓይነት ሆኑ። መጋረጃ ይከፈታል፣ ሴቶች በሰልፍ ይደንሳሉ፣ ፍቅረኞቹ አትክልት ቦታ ቆመው ይዘፍናሉ። ካሜራው አይንቀሳቀስም። መጀመሪያ ሰው የሚገባው ድምፅ ለመስማት ነበር፤ ድምፅ ሲለመድ የቆመ ካሜራ ብቻ ቀረ። በላዩ ላይ በ1929 ኦክቶበር የአክሲዮን ገበያው ወድቋል። ሥራ የፈታ ሰው ለትኬት የሚያወጣትን ሳንቲም ይቆጥራል።

በ1930 መኸር ላይ ሕዝቡ ፊቱን አዞረ። አንዳንድ ሲኒማ ቤቶች «ይህ ሙዚቃዊ ፊልም አይደለም» ብለው እስከ ማስተዋወቅ ደረሱ። ስቱዲዮዎቹ ደነገጡ። ተሠርተው ያለቁ ፊልሞች ላይ መቀስ አነሱ፤ ዘፈኖቹን አውጥተው ተራ ኮሜዲ አድርገው ለቀቋቸው። በዚያው ቆጠራ መሠረት በ1931 የወጡት ሙዚቃዊ ፊልሞች 14 ብቻ ናቸው።

የማሪሊን ሁለተኛ ፊልም «ሰኒ» የወጣው በዚህ ሰዓት ነው። ኖቬምበር 1930። አብዛኞቹ ዘፈኖቹ ተቆርጠዋል። ያልተቆረጠው ታሪኩ ነው፤ ታሪኩ ደግሞ ዘፈኖቹን ለማገናኘት የተጻፈ ቀጭን ክር ነበር። እስቲ አስቡት። ዳንሰኛ በብዙ ገንዘብ ቀጥረህ፣ የምትደንስበትን ሙዚቃ ታወጣለህ።

ሦስተኛው በ1931 የወጣው «ኸር ማጀስቲ፣ ላቭ» ነው። ከአንድ የጀርመን ፊልም የተወሰደ፣ በርሊን ውስጥ የሚካሄድ ኮሜዲ። ዳይሬክተሩም ከጀርመን የመጣው ዊልያም ዲተርሌ ነው። ማሪሊን መጠጥ ቤት የምትሠራ ልጅ ሆና ትጫወታለች። ፍቅረኛዋን ቤን ላዮን ይጫወታል፤ ይህን ስም አትርሱት። አባቷን የሚጫወተው ደግሞ ደብልዩ ሲ. ፊልድስ ነው፤ በሀብታሞች ማዕድ ላይ ሰሃን እየወረወረ ሲቀልብ ያሳያል። እውነቱን ለመናገር ፊልሙን ይዞት የሚወጣው እሱ ነው። ማሪሊን የምትሠራው ሥራ አልተሰጣትም። ከዚህ በኋላ ዋርነርም እሷም ተለያዩ።

እሷ ብቻ አይደለችም። «ሳሊ» ላይ አብሯት የዘፈነው አሌክሳንደር ግሬይና ከእሱ ጋር በ1930 ፊልም በላይ በላዩ የሠራችው በርኒስ ክሌር ከአንድ ዓመት በኋላ በሆሊውድ የሚፈልጋቸው ጠፋ። የ«ዘ ብሮድዌይ ሜሎዲ» ዋና ዘፋኝ ቻርልስ ኪንግ፣ ፊልሙ የምርጥ ፊልም ኦስካር ወስዶ እያለ፣ ወደ ብሮድዌይ ተመለሰ። አንድ ትውልድ ሙሉ በአንድ በር ገብቶ በዚያው በር ወጣ። ችሎታ አንሷቸው ቢሆን እንዲህ በአንድ ወቅት፣ በአንድ ላይ ባልወጡ።

አሁን ልቤን የሚነካው ክፍል ጋር ደረስን።

በ1930 ኖቬምበር፣ ያው «ሰኒ» ተቆራርጦ በወጣበት ወር፣ ማሪሊን ብሮድዌይ ላይ «ስማይልስ» የሚባል የዚግፌልድ ትርኢት ጀመረች። ትርኢቱ አልሆነም፤ ከ63 ጊዜ በኋላ ተዘጋ። እዚያ መድረክ ላይ አብረዋት የነበሩት አንድ ወንድምና እህት ናቸው። አዴልና ፍሬድ አስቴር።

ፍሬድ አስቴር በ1899 ነው የተወለደው። ማሪሊንን በአንድ ዓመት ቢያንሳት ነው። እንደ እሷ ከሕፃንነቱ ጀምሮ መድረክ ላይ ያደገ። እንደ እሷ ትንሽ ድምፅ ያለው ዳንሰኛ። ልዩነቱ አንድ ነው፤ ሆሊውድ የገባው በ1933 ነው። ያ ዓመት «ፎርቲ ሰከንድ ስትሪት» ወጥቶ ሙዚቃዊ ፊልም ከሞት የተነሳበት ዓመት ነው። ካሜራው ከሳጥን ወጥቷል። ሙዚቃው አስቀድሞ ይቀረጻል። አስቴር ስሙ ሲገን አንድ ነገር አጥብቆ ያዘ። ስደንስ ከራሴ እስከ እግሬ አሳዩኝ፣ አትቆራርጡኝ አለ። የጫማው ድምፅ እንኳ በኋላ ለብቻው ተቀርጾ ይገባ ነበር። ትንሿ ድምፁም ጥቅም ሆነችለት፤ የተሻሻለው ማይክ ለስላሳና ትንሽ ድምፅ ይወዳል። በዚያ መንገድ ከ20 ዓመት በላይ ደነሰ።

ማሪሊን ሦስት ዓመት ቆይታ ብትገባ ኖሮ ምን ትሆን ነበር? ይህን ማንም አያውቅም። እኔ ግን ሁለቱን ጎን ለጎን ሳያቸው ልዩነታቸው የችሎታ ሆኖ አይታየኝም። አንዷ በሩ ሲጠብ ገባች፣ ሌላው ሲሰፋ ገባ።

እሷ ወደ መድረክ ተመለሰች። በ1933 ሴፕቴምበር የኧርቪንግ በርሊን ዜማዎች ያሉበት «አዝ ታውዘንድስ ቺር» ሚዩዚክ ቦክስ ቴአትር ተከፈተ። ከክሊፍተን ዌብና ከኤተል ዋተርስ ጋር ሠራች። 400 ጊዜ ታየ። መድረክ ላይ ያቺው ማሪሊን ነበረች። ያ ግን የመጨረሻዋ ሆነ። ለዓመታት በሳይነስ ሕመም ትሠቃይ ነበር። በ1936 ኤፕሪል 7፣ ከአፍንጫ ቀዶ ሕክምና በኋላ በተከተለ ችግር ኒውዮርክ ውስጥ አረፈች። 37 ዓመቷ ነበር። ያኔ ፔኒሲሊን ለሕሙማን አልደረሰም፤ እንዲህ ያለ ኢንፌክሽን ይገድል ነበር። የተቀበረችው ዉድሎን መካነ መቃብር ከመጀመሪያ ባሏ ጋር ነው። በሠርጋቸው ዓመት ካጣችው ከፍራንክ ካርተር ጋር።

የስሙን ነገር ላምጣው። በ1946 ቤን ላዮን ትወናውን ትቶ ትዌንቲዝ ሴንቸሪ ፎክስ ውስጥ ተዋናይ መራጭ ሆኗል። አንዲት ኖርማ ጂን የምትባል ወጣት ቢሮው መጣች። ስሟ ለፊልም አይሆንም ተባለ። ላዮን ሲያያት ያቺ ከ15 ዓመት በፊት አብራው የሠራችው ማሪሊን ትዝ አለችው። ማሪሊን የሚለውን ስም ሰጣት። ሞንሮ የእናቷ ቤተሰብ ስም ነው። አሥር ዓመት ቆይቶ፣ በ1956፣ ማሪሊን ሞንሮ ጸሐፌ ተውኔቱን አርተር ሚለርን አገባች። በባሏ ስም ስትጠራ ማሪሊን ሚለር ሆነች ማለት ነው።

የመጀመሪያዋን ማየት ለሚፈልግ ሦስቱም ፊልሞች አሉ። የ«ሳሊ» ባለ ቀለም ቅጂ ግን ጠፍቷል። ዛሬ ያለው ጥቁርና ነጭ ነው። ከቀለሙ በዋናነት የተረፈው «ዋይልድ ሮዝ» ከሚለው ዘፈን ሁለት ደቂቃ ገደማ የምትሆን ቁራጭ ናት። አትክልት ቦታ በመሰለ ግዙፍ ስፍራ፣ በወንዶች ተከብባ ትደንሳለች። ፊቷ ሞቅ ያለ ቀይ ነው፤ ከኋላዋ ያለው ሁሉ ወደ አረንጓዴ ያደላል። እኔ መጀመሪያ ያየኋት በስልኬ ነው፣ ማታ፣ ሁሉ ሰው ከተኛ በኋላ። ሰው እንዳልቀሰቅስ ድምፁን አጥፍቼ ነበር። እናንተም መጀመሪያ እንደዚያ እዩት። ድምፁን አጥፉትና እግሯን ብቻ ተከተሉ።